ቢላችሁ ላይ ያለው «ፕሮቴክሽን» የየትኛው ስልክ ነው? አሜሪካ ውስጥ ብዙ ላይን ለያዛችሁ የተዘጋጀ ዝርዝር መመሪያ

አምስት ላይን የያዘ ፋሚሊ ፕላን ያለው ሰው ቢሉ ላይ «ፕሮቴክሽን» የሚለው ምን እንደሆነ ጠይቁት። «ስቶር ውስጥ ልጁ የጨመረልን ነገር ነው» ይላችኋል። ምን እንደሚሸፍን? አያውቅም። የትኛውን ስልክ? እሱንም አያውቅም። ወርሃዊው ክፍያ ግን አንድም ቀን ሳይዘገይ ይቆረጣል።

እኔም ከዚህ አልተሻልኩም። እናቴ አዲስ አበባ ሄዳ ስልኳን ለእህቷ ትታላት መጣች። እዚህ መሳቢያ ውስጥ የከረመ አሮጌ ስልክ አውጥተን ሲሟን ከተትንላት። ኢንሹራንሱን ማንም አላስታወሰውም። ከ14 ወር በኋላ ቢሉን ሳገላብጥ፣ መቶ ዶላር እንኳ ለማያወጣ ስልክ በየወሩ 18 ዶላር ስንከፍል እንደከረምን አየሁ። 252 ዶላር። የሚያናድደው ደግሞ ሌላ ነው፤ ቁጥሯን ከሌባ የሚጠብቀው ነፃ ቁልፍ ያን ሁሉ ጊዜ ክፍት ነበር።

ሰው የሚሳሳተው ሦስት የተለያዩ ነገሮች በአንድ ስም ስለሚሸጡለት ነው። አንደኛው የዕቃው ኢንሹራንስ ነው፤ ስልኩ ሲሰበር፣ ሲጠፋ ወይም ሲሰረቅ። ሁለተኛው የቁጥሩ ጥበቃ ነው፤ ሌባ ቁጥራችሁን ወደ ራሱ ስልክ እንዳያዛውር። ሦስተኛው የድጋፍና የአፕ ጥቅል ነው፤ ቴክ ሳፖርት፣ የስፓም (የማይፈለግ) ስልክ ማገጃ፣ ቪፒኤን (ኢንተርኔት ላይ መረጃችሁን የሚሸሽግ)፣ የማንነት ስርቆት ክትትል። የመጀመሪያው ያስከፍላል፣ ለአንዳንድ ላይን ያዋጣል። ሁለተኛው ነፃ ነው፣ ለሁሉም ላይን የግድ ነው። ሦስተኛው አብዛኛውን ጊዜ በነፃ የሚገኝ ነገር ነው።

ከዚህ በታች ያለውን በቅደም ተከተሉ ሥሩት። ዘላችሁ ወደ ደረጃ 6 ከሄዳችሁ የማይመለስ ስህተት ልትሠሩ ትችላላችሁ።

ከመጀመራችሁ በፊት

አንድ ሰዓት ያዙ። ስቶር ሄዳችሁ አትሥሩት፤ ልታስወጡ ገብታችሁ አስጨምራችሁ ትወጣላችሁ።

የአካውንቱ ባለቤት ማን እንደሆነ አረጋግጡ። ብዙ ቤት አካውንቱ የተከፈተው ቀድሞ በመጣው ዘመድ ስም ነው፤ እሱ ደግሞ አሁን ሌላ ስቴት ይኖራል። ባለቤት ወይም ባለቤቱ ሙሉ ፈቃድ የሰጠው ሰው ካልሆናችሁ፣ ከታች ያሉት አብዛኞቹ ቁልፎች አፑ ላይ ጭራሽ አይታዩም። ደውሉለትና አብራችሁ ሥሩት።

ከዚያ አንድ ወረቀት አውጡና ለእያንዳንዱ ላይን እነዚህን ጻፉ፦

- ቁጥሩና የሚይዘው ሰው
- አሁን እጁ ላይ ያለው ስልክ ሞዴል (ተገዝቶ የነበረው ሳይሆን አሁን ያለው)
- የስልኩ አይኤምኢአይ ቁጥር (እያንዳንዱ ስልክ ያለው የራሱ መለያ)፤ *#06# ስትደውሉ ይወጣል
- አሁን ያገለገለ ሆኖ ቢሸጥ የሚያወጣው ዋጋ
- አይፎን ከሆነ፣ አፕልኬር (አፕል ራሱ የሚሸጠው ሽፋን) የተከፈለበት መሆን አለመሆኑ፤ ሴቲንግስ ውስጥ ጀነራል፣ ከዚያ አባውት ስትገቡ ይታያል

አይኤምኢአዩን ዛሬ ጻፉት። ስልኩ ከጠፋ በኋላ *#06# የሚደወልበት ስልክ የለም።

ደረጃ 1፦ ነፃውን ቁልፍ በሁሉም ላይን ላይ ዝጉ

ገንዘቡን ለአፍታ እርሱት። መጀመሪያ ይህን።

ሌባው የሚፈልገው ስልካችሁን ሳይሆን ቁጥራችሁን ነው። ቁጥሩን ወደ ሌላ ሲም ወይም ወደ ሌላ ድርጅት ካዛወረ፣ ባንካችሁ የሚልከው ኮድ እሱ ጋ ይደርሳል። ከዚያ የኢሜይሉን ፓስዎርድ ይቀይራል፣ ቀጥሎ ባንኩን። ይህን የሚከለክለው ኢንሹራንስ አይደለም፤ የስልክ ድርጅታችሁ አፕ ውስጥ ያለች ማብሪያ ማጥፊያ ናት፤ ስታበሯት ቁጥሩ ይዘጋል።

1. ቬራይዘን ከሆናችሁ ሁለት ማብሪያ አለ። ነምበር ሎክ ቁጥሩ ወደ ሌላ ድርጅት እንዳይሄድ ያደርጋል። ሲም ፕሮቴክሽን ደግሞ ወደ ሌላ ሲም እንዳይዛወር። ሁለቱንም አብሩ።
2. ቲ-ሞባይል ላይም ሲም ፕሮቴክሽን እና ፖርት አውት ፕሮቴክሽን አሉ። ለየብቻ ናቸው፤ አንዱን ስታበሩ ሌላው አይበራም።
3. ኤቲ ኤንድ ቲ ላይ ዋየርለስ አካውንት ሎክ ይባላል፤ በ2025 የመጣ ነው።
4. የእያንዳንዱን ላይን ስም እያያችሁ አረጋግጡ። የራሳችሁን ዘግታችሁ የእናታችሁን ክፍት ከተዋችሁት ግማሽ ሥራ ነው። የሽማግሌዎቹ ላይን ነው ይበልጥ የሚያሰጋው።
5. የአካውንት ፒኑን ቀይሩ። የልደት ዓመት፣ የቤት ቁጥር፣ 1234 አይሁን።

*ቁልፉ አልበራ ካለ፦* ባለቤት ባልሆነ ሰው መግቢያ ገብታችሁ ሊሆን ይችላል። አፑን አዘምኑ፣ ካልሆነ በድረ ገጹ ሞክሩ፣ እሱም እምቢ ካለ 611 (የድርጅቱ የደንበኞች አገልግሎት) ደውላችሁ አስበሩ።

*ተጠንቀቁ፦* አዲስ ስልክ ስትገዙ ወይም ሲም ስትቀይሩ ይህን ቁልፍ ራሳችሁ መክፈት አለባችሁ። ቬራይዘን ላይ ሲም ፕሮቴክሽንን ካጠፋችሁ በኋላ 15 ደቂቃ ያህል ያስጠብቃል። ሰው «ስልኬ አልሠራ አለ» ብሎ ስቶር ውስጥ የሚጨቃጨቀው አንዳንዴ በዚህ ነው።

ወደ ኢትዮጵያ የምትሄዱ ከሆነ ደግሞ እዚህ የሚቀር አንድ ሰው በባለቤትነት ወይም በሙሉ ፈቃድ መግባት የሚችል ይሁን። ቦሌ ላይ ስልካችሁ ቢጠፋ፣ ላይኑን የሚያግድም ሆነ ቁልፉን የሚከፍት እሱ ነው። የመግቢያው ኮድ በጠፋው ስልክ ላይ ብቻ የሚመጣ ከሆነ ተቸግራችኋል፤ ሁለተኛ ቁጥር ወይም ኢሜይል አስገቡ።

*ድንገት «ኖ ሰርቪስ» ካለ፦* ጎን ያለው ሰው ስልክ እየሠራ የእናንተ ብቻ ከጠፋ፣ «ይመለሳል» ብላችሁ አትቀመጡ። በቤተሰብ ስልክ 611 ደውሉ፣ «ሲሜ ተቀይሯል ወይ?» ብላችሁ ጠይቁ፣ ተቀይሮ ከሆነ ላይኑን አሳግዱ። ቀጥሎ ባንክ። ከዚያ የኢሜይሉ ፓስዎርድ።

ደረጃ 2፦ ቢሉን በላይን ከፋፍላችሁ አንብቡ

አፑ መጀመሪያ ላይ የሚያሳያችሁ ድምር ምንም አይነግራችሁም። ሙሉውን ቢል በፒዲኤፍ አውርዱ።

በእያንዳንዱ ቁጥር ስር የፕላኑን ዋጋ፣ የስልኩን የወር ክፍያና ታክሱን ለዩ። የቀረው አድ-ኦን ነው፤ ከፕላኑ ላይ ተጨምሮ የሚከፈልበት ማለት ነው። «ፕሮቴክት»፣ «ፕሮቴክሽን»፣ «ሴኪዩር»፣ «ፕላስ»፣ «አድቫንስድ» የሚል ቃል ያለበትን ሁሉ ወረቀታችሁ ላይ ከነዋጋው ገልብጡ። አንዳንዱ በአንድ ቁጥር ስር ሳይሆን አካውንቱ በሚለው ክፍል ላይ ነው የሚቀመጠው። የብዙ ላይን ጥቅል ከሆነ እዚያ ፈልጉት።

*ስሙ ካልገባችሁ፦* በቻት ግቡና «ይህ አድ-ኦን የትኛውን ቁጥርና የትኛውን ዕቃ ነው የሚሸፍነው?» ብላችሁ ጠይቁ። የመለሱላችሁን ፎቶ አንሱ። በቃል የተነገረ ነገር በኋላ ይካዳል።

ደረጃ 3፦ የብዙ ላይን ጥቅል ካለ ስንት ላይን እንደያዘ ቁጠሩ

ሰው የሚጎዳው እዚህ ነው። «መልቲ» የሚለውን ሲያይ «ቤተሰቡ በሙሉ ተሸፍኗል» ይላል። አይደለም።

የቬራይዘኑ ሞባይል ፕሮቴክት መልቲ-ዲቫይስ መነሻው ሦስት ላይን ነው። የኤቲ ኤንድ ቲው ፕሮቴክት አድቫንቴጅ ፎር 4 ስሙ እንደሚለው አራት ዕቃ ነው። የቲ-ሞባይሉ ፕሮቴክሽን 360 ግን በየላይኑ ለየብቻ የሚገዛ ነው። ስለዚህ አምስት ላይን ያለው ሰው የሦስት ጥቅል ይዞ ከሆነ፣ ሁለቱ ምንም የላቸውም። ከነዚያ ከሁለቱ አንዱ ስልኩን የሚጥለው የ13 ዓመቱ ልጅ ቢሆን አይገርመኝም።

1. ጥቅሉ ውስጥ የተመዘገቡትን ቁጥሮች አንድ በአንድ ከአፑ አውጡ።
2. ከወረቀታችሁ ጋር አስተያዩ። ያልተመዘገበ ጥሩ ስልክ አለ? የተመዘገበ አሮጌ ስልክስ?
3. የጥቅሉን ዋጋ በእውነት ለሚያስፈልጋቸው ላይኖች ብዛት አካፍሉ። ለምሳሌ ጥቅሉ 60 ዶላር ሆኖ ነጠላው 18 ቢሆን፣ የሚያስፈልገው ለሁለት ስልክ ብቻ ከሆነ ሁለት ነጠላ መግዛት 36 ነው። እነዚህ ቁጥሮች ምሳሌ ናቸው፤ የራሳችሁን ቢል ተኩበት።

ኢንሹራንሱ የሚከተለው ስልኩን ሳይሆን ላይኑን ነው። ቬራይዘንና ኤቲ ኤንድ ቲ ላይ የሚሸፈነው በዚያ ቁጥር በቅርብ ሲሠራበት የቆየው ስልክ ነው። ሲማችሁን አውጥታችሁ አሮጌ ስልክ ውስጥ ከከተታችሁ፣ ሽፋኑም አብሮ ወደ አሮጌው ሄደ ማለት ነው። እናቴ ላይ የደረሰው እንዲህ ነው። ለእህቷ የቀረላት ጥሩው ስልክ ያኔውኑ ሽፋን አልነበረውም።

ደረጃ 4፦ የትኛው ስልክ ኢንሹራንስ ይገባዋል?

ሒሳቡ ቀላል ነው። የወሩን ክፍያ በ12 አባዙ። ዲደክተብሉን፣ ማለትም ክሌም ስታደርጉ (ካሳ ስትጠይቁ) ከኪስ የምትከፍሉትን፣ ጨምሩበት። ከዚያ ያው ስልክ ያገለገለ ሆኖ ከሚሸጥበት ዋጋ ጋር አስተያዩት።

ወር 18፣ ዲደክተብል 99 እንበል። 216 ሲደመር 99፣ 315 ዶላር። ስልኩ 250 የሚያወጣ ከሆነ ኢንሹራንሱ ኪሳራ ነው። ስልኩ 1,100 ዶላር ሆኖ የሚይዘው ሰው በዓመት አንዴ የሚጥል ከሆነ ያዙት። ጨርሶ የማይጥልና ቁጠባ ያለው ሰው ግን 1,100 ዶላሩንም ቢሆን ራሱ ቢሸከም አይከፋም፤ ይሄ የኔ አስተያየት ነው።

ከመወሰናችሁ በፊት ድርብ ክፍያ ፈልጉ፦

- የቲ-ሞባይሉ ፕሮቴክሽን 360 ለአይፎን የአፕልኬር አገልግሎትን አብሮ ይይዛል። ለብቻው ለአፕል በየወሩ ከከፈላችሁ ሁለቴ እየከፈላችሁ ነው።
- አዲስ አይፎን የአንድ ዓመት የፋብሪካ ዋስትና አለው። መሰበርን ግን አይሸፍንም፤ ራሱ ሲበላሽ ብቻ ነው።
- አንዳንድ ክሬዲት ካርዶች የስልክ ቢል ስትከፍሉባቸው ለስልኮቹ ሽፋን ይሰጣሉ። ጥሩ ነው፤ ግን «ጠፋብኝ» የሚለውን ብዙዎቹ አይሸፍኑም። ደግሞ ቲ-ሞባይል ላይ የአውቶፔይ (ቢሉ በራሱ ሲቆረጥ የሚሰጠው) ቅናሽ በላይን 5 ዶላር ነው፣ እሱን የምታገኙት ደግሞ በዴቢት ወይም በባንክ ስትከፍሉ ነው። ወደ ክሬዲት ካርድ ከቀየራችሁ፣ አምስት ላይን ካላችሁ በወር 25 ዶላር ሄደ። «ነፃ» የተባለው ሽፋን ነፃ አልሆነም።

ሻጩ «ፕሮሞሽኑን እንድታገኝ ኢንሹራንስ ግዴታ ነው» ካላችሁ አትቀበሉ። ኢንሹራንስ በምርጫ የሚገዛ ነገር ነው፤ የስልኩ ቅናሽ ከሱ ጋር አልተያያዘም።

ወረቀቱ ላይ በየላይኑ «ይቆይ» ወይም «ይውጣ» ብላችሁ ጻፉ። ገና ምንም አታውጡ።

ደረጃ 5፦ የደኅንነትና የድጋፍ ጥቅሎቹን በነፃ ተኩ

*የስፓም ስልክ ማገጃ።* ቬራይዘን ኮል ፊልተር፣ ኤቲ ኤንድ ቲ አክቲቭ አርመር፣ ቲ-ሞባይል ስካም ሺልድ አላቸው። መሠረታዊው በሦስቱም ነፃ ነው። ለ«ፕላስ»ና «አድቫንስድ» ከመክፈላችሁ በፊት ነፃውን አንድ ወር ሞክሩ። የማጭበርበሪያ ቴክስት ሲመጣ ወደ 7726 ፎርዋርድ አድርጉት።

አንድ ነገር ግን ልብ በሉ። ወላጆች ስልክ ላይ የማያውቁትን ቁጥር ሁሉ ዝም የሚያሰኘውን ሴቲንግ ስታበሩ፣ ኮንታክት ውስጥ ያልገባ የ251 ቁጥርም ዝም ይላል። ከሀገር ቤት የመርዶ ስልክ ተደውሎ ያልሰማ ሰው አውቃለሁ። መጀመሪያ የዘመዶቹን ቁጥር በሙሉ ሴቭ አድርጉ፣ ከዚያ አብሩት።

*የማንነት ስርቆት ክትትል።* ይሄ የሚነግራችሁ ከተሰረቃችሁ በኋላ ነው። በስማችሁ ብድር እንዳይከፈት የሚያደርገው ክሬዲታችሁን ፍሪዝ ማድረግ (ማሳሰር) ነው። ከ2018 ጀምሮ በሕግ ነፃ ነው። የክሬዲት መዝገብ የሚይዙት ድርጅቶች ኤክዊፋክስ፣ ኤክስፒሪያንና ትራንስዩኒየን ናቸው፤ ሦስቱም ጋ ለየብቻ አድርጉ። ከ16 ዓመት በታች ላሉ ልጆችም ይቻላል። ቤት ወይም መኪና ልትገዙ ስትሉ ለጊዜው ትከፍቱታላችሁ።

*ቴክ ሳፖርት።* በእውነት የሚደውል ሰው ካለ ዋጋ አለው። እኛ ቤት ቴክ ሳፖርት ማለት የአክስቴ ልጅ ነው፤ ክፍያው ምሳ ነው። ልጆቹ ርቀው የሚኖሩበት፣ እንግሊዝኛ የሚችል ግን ስልክ የሚያስቸግረው ሰው ላይን ላይ ቢቆይ አልቃወምም። እንግሊዝኛ ለሚከብዳቸው ወላጆች ግን አይሆንም፣ አይደውሉማ።

*ማጭበርበሩ ራሱ በድርጅቱ ስም ሲመጣ፦* «ከስልክ ድርጅታችሁ ነው፣ ግማሽ ቅናሽ ልንሰጣችሁ ነው፣ አሁን የደረሳችሁን ኮድ ንገሩን» የሚል ስልክ ሌባ ነው። ኮዱ የአካውንታችሁ መግቢያ ነው። ዝጉና ራሳችሁ 611 ደውሉ። ይህን የትኛውም የሚከፈልበት አፕ አይከለክልላችሁም፤ ለቤተሰቡ በአፍ መንገር ነው ያለው።

ደረጃ 6፦ አሁን አውጡ

*ተጠንቀቁ፦* የወጣ ኢንሹራንስ በፈለጋችሁ ጊዜ አይመለስም። መመዝገቢያው ስልኩ ከተገዛ ወይም ላይኑ ከተከፈተ በኋላ አብዛኛውን ጊዜ 30 ቀን ብቻ ነው። ስለዚህ ጣታችሁን ከማሳረፋችሁ በፊት የቁጥሩን የመጨረሻ አራት አሃዝ አንብቡ።

1. አንድ ላይን ብቻ አውጡ። ማረጋገጫው ሲመጣ ስክሪንሾት አንሱ። ከዚያ ቀጣዩ።
2. ጥቅሉን ወደ ነጠላ የምትቀይሩ ከሆነ ጥቅሉን መጀመሪያ አትሰርዙ። በቻት «እነዚህ ሁለት ቁጥሮች ሽፋናቸው ሳይቋረጥ ወደ ነጠላ ይቀየሩ» በሉ፣ ይሆናል የሚለውን በጽሑፍ ተቀበሉ። አይሆንም ካሉ ጥቅሉን ተዉት።
3. በስልክ ካደረጋችሁት ቀኑን፣ ሰዓቱንና ያነጋገራችሁን ሰው ስም ጻፉ።
4. «በምትኩ ይሄን በትንሽ ዋጋ» ሲሏችሁ መልሱ አንድ ነው፦ ዛሬ ምንም አልጨምርም።
5. ቀጣይ ሁለት ቢሎችን እዩ። የመጀመሪያው የወሩን ቀሪ ቀናት ሒሳብ ይዞ ስለሚመጣ ያደናግራል። ሁለተኛው ላይ አድ-ኦኑ ካለ አልወጣም ማለት ነው።

*በስህተት ካወጣችሁ፦* ያንኑ ቀን ደውሉ። «አሁን ነው በስህተት ያወጣሁት፣ መልሱልኝ» በሉ። በማግስቱ ከሆነ ጉዳዩ እየከበደ ይሄዳል።

*ካወጣችሁት በኋላም ከተቆረጠ፦* ስክሪንሾቱን ይዛችሁ ተመላሽ ጠይቁ። እምቢ ካሉ ኤፍሲሲ (የስልክ ድርጅቶችን የሚቆጣጠረው የፌዴራል መሥሪያ ቤት) ድረ ገጽ ላይ አቤቱታ አስገቡ። ነፃ ነው፣ ድርጅቱም በ30 ቀን ውስጥ መልስ መስጠት አለበት።

ደረጃ 7፦ ስልኩ ሲጠፋ ወይም ሲሰበር

ቬራይዘንና ኤቲ ኤንድ ቲ ላይ ክሌሙን የሚያየው አሹሪዮን የሚባል ድርጅት ነው፣ ቲ-ሞባይል ላይ አሹራንት። ስቶር ሄዳችሁ ብትጮሁ ወደነሱው ነው የሚልኳችሁ።

1. አይፎን ከሆነና ከጠፋ ወይም ከተሰረቀ ፋይንድ ማይ (የጠፋ ስልክ መፈለጊያው የአፕል አፕ) ውስጥ «የጠፋ» ብላችሁ ምልክት አድርጉ። ከአፕል አካውንታችሁ ላይ ግን አታስወግዱት፤ ካስወገዳችሁት ለሌባው መክፈት ነው።
2. ላይኑን ከአፑ ለጊዜው አሳግዱ።
3. ተሰርቆ ከሆነ ለፖሊስ አመልክቱና ቁጥሩን ያዙ። ሊጠይቋችሁ ይችላሉ።
4. ወረቀታችሁ ላይ ያለውን አይኤምኢአይ ይዛችሁ ክሌሙን በኦንላይን ክፈቱ። አታዘግዩ፤ የጊዜ ገደብ አለው። የሆነውን ብቻ ጻፉ። መታወቂያ ላይ ያለው ስምና የአካውንቱ ባለቤት ስም ካልገጠመ የሚቆመው እዚህ ነው።
5. ዲደክተብሉን ክፈሉ። የሚመጣው ስልክ ታድሶ የተስተካከለ ሊሆን ይችላል፤ «አዲስ አይደለም» ብላችሁ አትመልሱት።
6. የተሰበረ ከሆነ አሮጌውን ትመልሳላችሁ። መጀመሪያ ዳታውን ገልብጡ፣ ከዚያ ፋይንድ ማይን አጥፉ። ይህን ሳታጠፉ ከላካችሁት ወይም በቀኑ ካልላካችሁት ከዲደክተብሉ የሚበልጥ ቅጣት ይመጣል። ፖስታ ቤት የሰጣችሁን ደረሰኝ ፎቶ አንሱ።

ምትኩ የሚላከው አሜሪካ ውስጥ ወዳለ አድራሻ ነው። አዲስ አበባ ላይ ከጠፋባችሁ እዚህ ላለ ሰው ይላካል፣ ከዚያ በሰው እጅ ነው የሚደርሳችሁ። ደግሞ ለዘመድ ሰጥቶ «ጠፋብኝ» ማለት የኢንሹራንስ ማጭበርበር ነው፤ በወንጀል ያስጠይቃል። ዘመድ የያዘው ስልክም «የጠፋ» ተብሎ ሊዘጋበት ይችላል።

*ክሌሙ ውድቅ ከሆነ፦* ምክንያቱን በጽሑፍ ጠይቁ። ብዙውን ጊዜ የስም አለመግጠም ወይም የጎደለ ሰነድ ነው፤ አሟልታችሁ መልሳችሁ አስገቡ። አሁንም ካልሆነ የስቴታችሁ የኢንሹራንስ ተቆጣጣሪ መሥሪያ ቤት አቤቱታ ይቀበላል።

አዲሱ ስልክ መጥቶ ሲሙን ለማስገባት ደረጃ 1 ላይ የዘጋችሁትን ቁልፍ ከፍታችኋል። ስልኩ ደውሎ እንደሠራ፣ መከላከያ ስክሪኑን ከመለጠፋችሁ በፊት፣ አፑን ክፈቱና መልሳችሁ ዝጉት።